ጌሙ መቼ ነው የሚቆመው?

ክረምት ገብቶ ትምህርት ቤት ሲዘጋ አዲስ አበባ፣ ቦሌ ቡልቡላ ያሉ የሞባይል ጥገና ቤቶች አንድ ዓይነት ደንበኛ ይበዛባቸዋል። ወፍራም የጎማ ከቨር የለበሰ ታብሌት የያዘች እናት ትመጣለች፤ ከጎኗ ፊቱን ያጠቆረ ልጅ ይቆማል። ከማርያም ማዞሪያ እስከ 93 ማዞሪያ አቤቱታው አንድ ነው፦ «ጌም ሲጫወትበት ስታክ ያደርጋል።» ባለሙያው ታብሌቱን ያገላብጣል፣ አጥፍቶ ያበራል፣ ከዚያ ብዙውን ጊዜ «ፎርማት ይደረግ» ይላል። ልጁ ማይንክራፍት ላይ ሁለት ወር ሙሉ የገነባው ከተማ በአሥር ደቂቃ ውስጥ ይጠፋል። ታብሌቱ ለጥቂት ቀን ይፈጥናል፤ ከዚያ እንደ ድሮው መቆም ይጀምራል። ያን ጊዜ ጥፋቱ የልጁ ይሆናል፦ «ጌም እየጫንክ አበላሸኸው!»

ይህን ዳሰሳ ስጽፍ የቆምኩት ከልጁ ወገን ነው። ጌም ታብሌት ላይ የሚቆምበት ምክንያት ብዙ ነው፤ ምክንያቱን የሚናገረው ግን የሚቆምበት ጊዜ ነው። ገና ሲከፈት የሚቆምና ሎዲንግ ላይ የሚቀር አንድ አይደሉም። ሃያ ደቂቃ ከተጫወቱበት በኋላ የሚንቀራፈፍና ቻርጀር ላይ ሲሰካ ብቻ ጣት የማይሰማም እንዲሁ ይለያያሉ። ፎርማት ከእነዚህ አብዛኞቹን ጨርሶ አይነካቸውም። ስለዚህ ወላጅም ሆነ ባለሙያ ታብሌቱን ከመንካቱ በፊት ልጁን መጠየቅ አለበት፤ የሚቆመው መቼ እንደሆነ ከሁሉም በላይ የሚያውቀው እሱ ነው።

ታብሌቶቹ ከየት እንደመጡ ማወቅ ግማሹን መልስ ይሰጣል። መጋቢት 7 ቀን 2012 ዓ.ም. ትምህርት ቤቶች በኮሮና ምክንያት ሲዘጉ የግል ትምህርት ቤቶች የቤት ሥራና ማስታወሻ በቴሌግራም መላክ ጀመሩ፤ እስከዚያ ድረስ ታብሌትን እንደ ቅንጦት ያዩ የነበሩ ቤተሰቦችም ገዙ። እንደ ቡልቡላ ኮንዶሚኒየሙና አፓርታማው በበዛበት፣ ልጅ እንደልቡ ወጥቶ የሚሮጥበት ሜዳ ባነሰበት ሰፈር ታብሌቱ ከኮሮናም በኋላ ከቤት አልወጣም። ሌላው ምንጭ ቅርባችን ያለው አውሮፕላን ማረፊያ ነው። ከቨርጂኒያ ወይም ከሜሪላንድ የምትመጣ አክስት የአማዞን ፋየር ታብሌት ወይም ልጆቿ የተዉትን አይፓድ ይዛ ትወርዳለች። ከሁሉም የሚበዛው ግን መርካቶና መገናኛ የሚሸጠው «የልጆች» የተባለ ርካሽ አንድሮይድ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ደግሞ ከውጭ የሚገባ ዕቃ ዋጋው ስለናረ፣ «ጣለውና አዲስ ግዛ» ማለት ለብዙ ቤት ምክር አይሆንም።

ልጅና ታብሌት ሲነሣ ኢትዮጵያ ውስጥ የተደረገ፣ ዓለም ያወራለት አንድ ሙከራ አለ። እ.ኤ.አ. በ2012 «ዋን ላፕቶፕ ፐር ቻይልድ» የተባለው የአሜሪካ ድርጅት ወንጪና ወለንጪቲ አካባቢ በሚገኙ ሁለት መንደሮች፣ ፊደል ቆጥረው ለማያውቁ ልጆች ሞቶሮላ ዙም ታብሌቶችን ያለ አስተማሪና ያለ መመሪያ ሰጠ። የድርጅቱ መሥራች ኒኮላስ ኔግሮፖንቴ በዚያው ዓመት እንደተናገረው፣ ልጆቹ በአምስት ቀን ውስጥ እያንዳንዳቸው በቀን 47 መተግበሪያ ይከፍቱ ነበር፤ በአምስት ወር ውስጥ ደግሞ ተዘግቶ የተሰጣቸውን ካሜራ ከፈቱት። የስክሪኑ ገጽታ እንዳይቀየር የተጫነውንም መቆለፊያ አልፈው እያንዳንዱ ልጅ እንደወደደ አስተካከለው። ቻርጅ የሚደረገው በፀሐይ ኃይል ነበር። ልጆቹ ምን እንደሠሩ የሚታወቀው የድርጅቱ ሰው በየሳምንቱ እየሄደ የሚሞሪ ካርዱን ሲቀይር ነው።

ሰው ከዚህ ታሪክ የሚያነሳው የልጆቹን ብልህነት ነው፤ ልክም ነው። እኔን የሚገርመኝ ግን ዙም ታብሌት 1 ጊጋባይት ራም ብቻ የነበረው መሆኑ ነው። ዛሬ ቡልቡላ ውስጥ ባለ 1 ጊጋ ታብሌት ይዞ የሚቸገር ልጅ ከወንጪው ልጅ ያነሰ መሣሪያ አልያዘም። ልዩነቱ ያለው በጌሞቹ ነው። ወንጪ የሄዱት ለትምህርት ተመርጠው የተጫኑ ቀላል ጨዋታዎች ሲሆኑ ያለ ኢንተርኔት ይሠሩ ነበር። የዛሬው ነፃ ጌም ግን በየደረጃው ማስታወቂያ ይጠራል፣ ከሰርቨር ጋር ይነጋገራል፣ በየጥቂት ሳምንቱ ራሱን ያድሳል፣ በታደሰ ቁጥርም ይከብዳል። አንድሮይድ ራሱም ከብዷል። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2017 ራማቸው 1 ጊጋና ከዚያ በታች ለሆኑ መሣሪያዎች «አንድሮይድ ጎ» የተባለ ቀለል ያለ ዓይነት ለብቻው እስከማውጣት ደርሷል፤ ኋላ ግን ያም ዓይነት ቢያንስ 2 ጊጋ የሚጠይቅ ሆነ። አምና ይሠራ የነበረ ጌም ዘንድሮ ሲቆም ልጁ ምንም አላበላሸም ማለት ነው።

የራም እጥረትን ለመለየት የሚረዳ ምልክት አለ። ጌሙ ከተከፈተ በኋላ ድንገት ጠፍቶ ወደ መጀመሪያው ስክሪን ከተመለሰ፣ ብዙውን ጊዜ አንድሮይድ ቦታ ሲያጣ አውቆ ዘግቶታል። ጌሙ ስክሪኑ ላይ እንዳለ ለአምስት ሰከንድ ያህል ለጣት መልስ ካልሰጠ ደግሞ «ምላሽ እየሰጠ አይደለም» የሚለው መልእክት ይመጣል፣ ዝጋ ወይም ጠብቅ እያለ። በዚህ ጊዜ «ጠብቅ» የሚለውን አንዴ መሞከር ይገባል፤ በተለይ ጌሙ አዲስ ደረጃ እየከፈተ ከሆነ። ሁለተኛ ከመጣ መዝጋት ነው። ያም ካልሆነ የማጥፊያውን ቁልፍ ይዞ መቆየት ነው፦ ሳምሰንግ ላይ ከድምፅ መቀነሻው ጋር አንድ ላይ ለሰባት ሰከንድ ያህል፣ ፋየር ታብሌት ላይ እስከ 40 ሰከንድ። አንዳንዱ ርካሽ ታብሌት ለዚሁ ጉዳይ ጀርባው ላይ መርፌ የምታክል ቀዳዳ አለችው። ይህ መሣሪያውን ብቻ ዳግም ያስነሣዋል፤ ተቀምጦ የነበረ ነገር አይሰርዝም።

እዚህ ላይ ስለ ገበያው በግልጽ መናገር አስፈላጊ ነው። ካርቶኑ ላይ «8 ጊጋ ራም፣ 256 ጊጋ ስቶሬጅ» ተጽፎበት ውስጡ 1 ወይም 2 ጊጋ ራም ያለው ታብሌት ይሸጣል። ሴቲንግ ውስጥ ቢገቡም ቁጥሩ ያው ካርቶኑ ላይ ያለው ነው፤ ሶፍትዌሩ እንዲያ እንዲናገር ተደርጎ ተሠርቷልና። የአንድሮይዱ ቁጥር ሳይቀር ከእውነተኛው ከፍ ተደርጎ ይጻፋል። ሌላም ማደናገሪያ አለ፦ ከስቶሬጁ ላይ ተቆርጦ እንደ ራም የሚቆጠር ቦታ። ይህኛው በትክክለኛ ታብሌቶችም ላይ ያለ አሠራር ነው፤ ነገር ግን ስቶሬጅ ከራም እጅግ የዘገየ ስለሆነ ለጌም የሚጨምረው ነገር ጥቂት ነው። ካርቶኑ ላይ ውሸት የመጻፉን ማታለል ግን ልቤ አይችለውም፤ ገንዘቡን ከወር ደመወዙ ቆጥቦ ለልጁ የገዛ ሰው ነው የሚታለለው፣ የሚወቀሰው ደግሞ ልጁ ነው።

ሲገዛ የሚደረግ ማጣሪያ አስቸጋሪ አይደለም። ፕሌይ ስቶር ከፍቶ ሴቲንግ ውስጥ «አባውት» የሚለው ጋ ሲደረስ ታብሌቱ በጉግል የተረጋገጠ መሆን አለመሆኑ ተጽፎ ይገኛል። ሲፒዩ-ዚ ወይም ዴቭቼክ የመሰሉ ነፃ መተግበሪያዎች ደግሞ የፕሮሰሰሩን ዓይነትና የራሙን መጠን ያሳያሉ፤ ሴቲንግና እነሱ የተለያየ ቁጥር ካሳዩ ነገሩ አለቀ። ከሁሉም የሚበልጠው ፈተና ግን ልጁን ይዞ ሄዶ የሚጫወተውን ጌም እዚያው ሱቅ ላይ ማጫወት ነው፣ ሻጩ ፊቱን ቢያጠቁርም ሃያ ደቂቃ ያህል።

ከራም ቀጥሎ ስቶሬጅ ይመጣል፤ ብዙ ቤት ውስጥ ተጠያቂው ጌሙ ሳይሆን ቴሌግራም ነው። ታብሌቱ የልጁ ይባላል እንጂ ማታ ማታ የእናት ነው፤ የዕድር ግሩፕ አለበት፣ የትምህርት ቤት ግሩፕ አለበት፣ የመንፈሳዊ መዝሙር ቻናል አለበት። የታየ ቪዲዮ ሁሉ ታብሌቱ ውስጥ ይቀራል። ስቶሬጁ 16 ጊጋ የሆነ ታብሌት ላይ ሲስተሙ ራሱ ግማሽ ያህሉን ይይዛል፤ የቀረው በቴሌግራም ቪዲዮ ሲሞላ ጌሙ የሚጽፍበት ቦታ ያጣል። ርካሽ ታብሌት ውስጥ ያለው የማከማቻ ቺፕ ሊሞላ ሲል መጻፍ በጣም ይከብደዋል፤ አዲስ ነገር ከመጻፉ በፊት አሮጌውን ማጽዳት አለበትና። ጌሙ ደረጃ ሲያልፍ፣ ነጥብ ሲመዘግብ ወይም አዲስ ስክሪን ሲከፍት ብቻ ለጥቂት ሰከንድ የሚደርቅ ከሆነ መጀመሪያ የሚጠረጠረው ይህ ነው። መፍትሔው ቴሌግራም ሴቲንግ ውስጥ ገብቶ ሚዲያ ለስንት ጊዜ እንዲቀመጥ መወሰን ነው፤ ሦስት ቀን ይበቃል። የተላከው ነገር ቴሌግራም ሰርቨር ላይ ስላለ ሲፈለግ እንደገና ይወርዳል። ከጠቅላላው ስቶሬጅ አንድ አምስተኛው ያህል ምንጊዜም ባዶ እንዲሆን ማድረግ ጥሩ ልማድ ነው።

ጥቂት ሰው ብቻ የሚያውቀው ነገር ልጨምር። አንድሮይድ ከ4.3 ወዲህ የማከማቻ ቺፑን በራሱ የሚያጸዳበት ሥራ አለው፤ ሥራውን የሚሠራው ግን ታብሌቱ በርቶ፣ ማንም ሳይነካው፣ ቻርጀር ላይ ሲሆን ነው። ቤታችን ውስጥ ታብሌት የሚያድረው ባትሪው አልቆ ሶፋ ሥር ነው፤ ወይም ቻርጅ ሲደረግ ይጠፋል። በሳምንት አንድ ሌሊት በርቶ ቻርጀር ላይ ቢያድር ለመንቀራፈፉ ከብዙ «ክሊነር» መተግበሪያ የተሻለ ነገር ይሠራል። እነዚያ ክሊነሮች አብዛኞቹ ራሳቸው ማስታወቂያ የሚያወርዱና ከጀርባ የማይጠፉ ናቸው፤ ማጥፋቱ ይሻላል።

ጌሙ ሲከፈት ስሙን አሳይቶ ሎዲንግ ላይ ከቀረ ታሪኩ ሌላ ነው፤ እዚህ ላይ የእኛ አገር ሁኔታ በብዛት ይገባበታል። ብዙ ሰው ጌም ከፕሌይ ስቶር አያወርድም። ዳታ ውድ ነው፤ ከፍሎ መግዛት ደግሞ ለብዙ ቤት አይታሰብም። ስለዚህ ከጓደኛ ስልክ በዜንደር ይቀበላል፣ ወይም ከቴሌግራም ቻናል «ሞድ» የተደረገ፣ ማለትም ሌላ ሰው የለወጠው ያወርዳል። ድሮ ይህ ይሠራ ነበር፤ ጌሙ በአንድ ፋይል ይመጣ ነበርና። እ.ኤ.አ. ከነሐሴ 2021 ጀምሮ ግን ጉግል አዲስ መተግበሪያዎች ሁሉ ተቆራርጠው እንዲላኩ አድርጓል። ፕሌይ ስቶር ለእያንዳንዱ ስልክ የሚሰጠው ለዚያ ስልክ ስክሪንና ፕሮሰሰር የሚስማማውን ቁራጭ ብቻ ነው። ከጎረቤት ልጅ ሳምሰንግ ላይ በዜንደር የተወሰደ ጌም ዋናው ፋይል ብቻ ሊሆን ይችላል፤ ቁራጮቹም አብረው ቢመጡ የተመረጡት ለሳምሰንጉ እንጂ ለዚህኛው ታብሌት አይደለም። ከባዶቹ ጌሞች ላይ ደግሞ ምስሉና ድምፁ ያለበት ትልቁ ዳታ ለብቻው የሚወርድ ነው። አዶው ይታያል፣ ይከፈታል፣ እዚያው ይቀራል። ይህን ፎርማት አይፈታውም፤ የሚፈታው ዋይፋይ ያለበት ቦታ ሄዶ ከፕሌይ ስቶር በትክክል ማውረድ ነው። ሞድ የተደረገው ደግሞ ቫይረስ ይዞ ሊመጣ እንደሚችል ማንም አይርሳ።

ሎዲንግ ላይ የሚያስቀር ሌላ ነገር አለ፤ የትም የጥገና መመሪያ ላይ ተጽፎ ስለማላገኘው በዝርዝር ላስረዳው። ታብሌት ከኢንተርኔት ጋር ሲገናኝ የሰርቨሩን የዲጂታል ምስክር ወረቀት ያያል፤ ወረቀቱ ከዚህ ቀን እስከዚህ ቀን ያገለግላል የሚል ጊዜ አለው። ታብሌቱ ቀኑን ተሳስቶ ከያዘ ወረቀቱ ገና ያልወጣ ወይም ያለፈበት ይመስለዋል፤ ግንኙነቱንም ይቆርጣል። ጌሙ ግን ይህን ለልጅ በሚገባ ቋንቋ አይናገርም፤ ሎዲንግ ላይ ይሽከረከራል። አሁን እኛ ቤት የሚሆነውን እንይ። ብዙ ሰው በእኛ ሰዓት እንዲቆጥርለት ብሎ የታብሌቱን ሰዓት በእጁ ስድስት ሰዓት ወደ ኋላ ይመልሳል። ይህን ለማድረግ «አውቶማቲክ» የሚለውን ማጥፋት አለበት። ስድስት ሰዓት ብቻውን ብዙ አይጎዳም። ነገር ግን ባትሪው እስከ መጨረሻው ሲያልቅ ብዙ ርካሽ ታብሌቶች ቀናቸው ወደ ፋብሪካው ቀን ይመለሳል፤ አውቶማቲኩ ስለጠፋ ደግሞ ራሱን አያርምም። ያን ጊዜ አያት ወይም አባት ሴቲንግ ገብቶ ቀኑን ያስተካክላል፣ በኢትዮጵያ አቆጣጠር። መስከረም 2017 ብሎ የሞላ ሰው ታብሌቱን ሰባት ዓመት ወደ ኋላ ወስዶታል። ከኢንተርኔት ጋር የሚነጋገር ጌም ሁሉ ይቆማል፣ ዩቲዩብም እምቢ ይላል፣ ባለሙያውም ፎርማት ያደርገዋል። ፎርማት ሲደረግ አውቶማቲኩ ተመልሶ ስለሚበራ ችግሩ ይጠፋል፤ ሰውም ፎርማት አዳነው ብሎ ያምናል።

መፍትሔው ያምራል። ቀኑም ሰዓቱም አውቶማቲክ ሆኖ ይቀመጥ፤ የሰዓት ክልሉ ብቻ በእጅ ወደ ቦነስ አይረስ፣ አርጀንቲና ይቀየር። ቦነስ አይረስ ከእኛ በስድስት ሰዓት ወደ ኋላ ነው፤ ዓመቱን ሙሉም አይለወጥም። ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ታብሌቱ 2፡00 ይላል፤ ቀኑም እንደ እኛ ልማድ ንጋት ላይ ይቀየራል። ታብሌቱ ውስጡ የያዘው የዓለም ሰዓት ግን ትክክል ስለሆነ ማንም ሰርቨር አይጣላውም።

ከዚህ ውጭ ሎዲንግ ላይ የሚቀር ጌም ኔትወርክ ነው የሚጠብቀው። ኢትዮ ቴሌኮም አዲስ አበባ ላይ 4ጂ ከጀመረበት ከ2007 ዓ.ም. ወዲህ፣ ሳፋሪኮምም ከ2015 ዓ.ም. መጀመሪያ ወዲህ አማራጩ ሰፍቷል፤ ጌሙ ግን የሚለካው በፍጥነት ብቻ አይደለም። ፍሪ ፋየርንና ፐብጂን የሚያጫውቱት ሰርቨሮች ያሉት ከአገር ውጭ ነው፤ እያንዳንዱ የጣት ንክኪ ባሕር ተሻግሮ ደርሶ መመለስ አለበት። ተጫዋቹ ቆሞ ቆይቶ ድንገት ሌላ ቦታ ከተገኘ ኔትወርክ ነው፣ ታብሌቱ ምንም አልሆነም። ስክሪኑ ሙሉ በሙሉ፣ ሣሩና ደመናው ሳይቀር ከደረቀ ደግሞ መሣሪያው ነው። የቀን ጥቅል ሲያልቅም ጥፋቱ የታብሌቱ አይደለም፤ ምልክቱ ላይ ሲግናል ሙሉ ይታያል፣ ዳታ ግን የለም። ሰብዌይ ሰርፈርስን ለመሰለ ያለ ኢንተርኔት የሚጫወቱት ጌም ደግሞ ኤርፕሌን ሞድ አስገብቶ መሞከር ከሁሉ ይቀድማል። ኤርፕሌን ሞድ ላይ ካልቆመ ሲያቆመው የነበረው በደካማ ኔትወርክ ለመውረድ የሚታገል ማስታወቂያ ነበር። ልጅን እንዲህ አድርጎ ማጫወት ዳታም ያተርፋል፣ ለልጅ የማይሆን ማስታወቂያም ያስቀራል። ወላጆች ከዚህ ጽሑፍ አንድ ነገር ብቻ ቢወስዱ ይህን ቢወስዱ ደስ ይለኛል።

አልፎ አልፎ ደግሞ ጥፋቱ ከሩቅ ይመጣል። እ.ኤ.አ. መጋቢት 2021 መጨረሻ ላይ ዌብቪው በተባለው የአንድሮይድ ክፍል ላይ የወጣ የተበላሸ ዝመና በዓለም ዙሪያ መተግበሪያዎች ሲከፈቱ ወዲያው እንዲዘጉ አድርጎ ነበር፤ ጉግል ማስተካከያ እስኪልክ ድረስ ጊዜያዊው መላ የዌብቪውን ዝመና ማስወገድ ነበር። በአንድ ቀን ውስጥ ብዙ ጌም አብሮ እምቢ ካለና ጎረቤትም ላይ ከሆነ ፕሌይ ስቶር ገብቶ ዌብቪውንና ክሮምን ማደስ፣ አንድ ቀንም መታገሥ ይበጃል።

ሃያ ደቂቃ ቆይቶ የሚመጣው መንቀራፈፍ ሙቀት ነው። አዲስ አበባ ቀዝቃዛ ስለሆነች ሰው ይህን አይጠረጥርም። አፕል አይፓድ መሥራት ያለበት ከ0 እስከ 35 ዲግሪ ባለ አየር ውስጥ ነው ይላል፤ ቡልቡላ ላይ ከዚያ የሚያልፍ ቀን የለም። ነገር ግን ልጁ ብርድ ልብስ ውስጥ ገብቶ፣ ታብሌቱን ፍራሽ ላይ አስተኝቶ፣ በጎማ ከቨር እንደተሸፈነ፣ ቻርጀሩን ሰክቶ ነው የሚጫወተው። ታብሌት ማራገቢያ የለውም፤ ሙቀቱ የሚወጣው በአብዛኛው በጀርባው ነው። ፕሮሰሰሩ ሲግል እንዳይቃጠል ፍጥነቱን ራሱ ይቀንሳል፤ ጌሙ መጀመሪያ ይንቀራፈፋል፣ ከዚያ ይቆማል። ከባሕር ጠለል ብዙ ከፍ ብለን ስለምንኖር አየራችን ስስ ነው፤ ሙቀት የመውሰድ አቅሙም ከባሕር ጠረፍ አየር በጥቂቱ ያንሳል። ፈተናው ቀላል ነው። ከቨሩን አውልቆ፣ ቻርጀሩን ነቅሎ፣ ጠረጴዛ ላይ አስደግፎ ያንኑ ጌም ማጫወት ነው። ሃያ ደቂቃውን ካለፈ መልሱ ተገኘ። ማቀዝቀዣ ውስጥ ማስገባት ግን በፍጹም አይገባም፤ ውስጡ እርጥበት ይቋጥራል።

ቻርጀር ላይ ሲሰካ ብቻ ጣት የማይሰማ፣ ወይም ማንም ሳይነካው ራሱን የሚጫን ታብሌት ላይ ጌሙ አልቆመም። ሙዚቃው ይሰማል፣ ጠላት ይንቀሳቀሳል፣ የማይሰማው ንክኪው ብቻ ነው። የስክሪኑ ንክኪ የሚሠራው ጣት የሚያመጣውን እጅግ ትንሽ የኤሌክትሪክ ለውጥ በመለካት ነው፤ ኮፒ ቻርጀር የ220 ቮልቱን መብራት በደንብ ሳያጣራ ሲያስተላልፍ ያ ረብሻ የጣቱን ምልክት ይውጠዋል። ቻርጀሩ ተነቅሎ ጣት ወዲያው መስማት ከጀመረ ስክሪን ለማስቀየር ገንዘብ ማውጣት አያስፈልግም፤ የሚቀየረው ቻርጀሩ ነው። የተሰካበትን ዲቫይደርም መቀየር አይጎዳም። የረጠበ ወይም ቅባት የነካው ጣትም ተመሳሳይ ነገር ያደርጋል።

ባትሪው 30 በመቶ እያለ ከባድ ጌም ሲከፈት ድርግም ብሎ የሚጠፋ ታብሌት ላይ ያረጀው ባትሪ ነው፤ ጌሙ በአንድ ጊዜ የሚጠይቀውን ኃይል መስጠት አቅቶታል። የታብሌቱ ጀርባ ካበጠ ወይም ስክሪኑ ከጠርዙ ከተነሣ ደግሞ ነገሩ ከጨዋታ ያልፋል። ያበጠ ሊቲየም ባትሪ ሊቀጣጠል ይችላል። ቻርጅ ማድረግም ሆነ መጫን አቁሞ፣ ከልጅ እጅ አውጥቶ ወደ ባለሙያ መውሰድ ነው እንጂ ቤት ውስጥ መክፈት አይገባም።

ከውጭ የሚመጡት የራሳቸው ጠባይ አላቸው። ፋየር ታብሌት የጉግል አገልግሎት የለውም፤ እዚህ ሰዎች ፕሌይ ስቶርን በግድ ይጭኑበታል፣ 1 ጊጋ ራም ያላቸው አሮጌዎቹ ደግሞ ያንን ተሸክመው ጌም ማጫወት ይከብዳቸዋል። ለእነዚህ ከአማዞን የራሱ ስቶር ላይ ያለውን መጠቀም ይሻላል። እ.ኤ.አ. ከ2019 ወዲህ የወጡ አዳዲስ የሁዋዌ ታብሌቶችም በአሜሪካ ማዕቀብ ምክንያት ጉግል የላቸውም፤ በጉግል አካውንት የሚገባ ጌም ሎዲንግ ላይ ሊቀር የሚችለው ለዚህ ነው። እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣው የመጀመሪያው አይፓድ ሚኒ ራሙ 512 ሜጋባይት ነው፤ ሶፍትዌሩም 9 ላይ ቆሟል። እንዲህ ያለ አይፓድ ላይ አፕ ስቶር አንዳንድ ጊዜ «ለዚህ መሣሪያ የሚሆነውን የመጨረሻ ዓይነት ላውርድልህ?» ብሎ ይጠይቃል፤ እሺ ማለት ነው። አዲሱን አምጣ ብሎ የሚታገለው ሰው ነው የሚደክመው።

አገር ውስጥ የሚሠሩ ጌሞችን እዚህ ማንሳት ተገቢ ነው። ዳዊት አብርሃም የመሠረተው ቅኔ ጌምስ ዶሮ የምትሮጥበትን ኩኩሉንና የገበታ ጨዋታን ለስልክ አውጥቷል። የአገራችን ጌም ሠሪዎች የሚያወጡትን ሁሉ በቅድሚያ መገናኛ በሚሸጠው ርካሽ ታብሌት ላይ፣ ኤርፕሌን ሞድ አስገብተው ቢሞክሩት እመኛለሁ፤ የእኛን ቤት ሁኔታ ከእነሱ በላይ የሚያውቅ ሠሪ የለም።

አሁን ወደ ፎርማት ልመለስ። ፎርማት የሚጠቅምበት ጊዜ አለ፦ ቫይረስ ሲኖር፣ ሲስተሙ ራሱ ሲበላሽ፣ ሌላው ሁሉ ተሞክሮ ሲያልቅ። ከዚያ በፊት ግን አንድ ጥያቄ መመለስ አለበት፤ ታብሌቱ ላይ ያለው ጂሜይል የማን ነው? ብዙ ሰው ታብሌት ሲገዛ ኢሜይሉን የሚከፍትለት ሻጩ ነው፤ አድራሻውንም የይለፍ ቃሉንም ማንም አይጽፈውም። ከአንድሮይድ 5.1 ወዲህ ታብሌት ከሴቲንግ ሳይሆን በሪከቨሪ (ሲበራ በቁልፎች በሚከፈተው ገጽ) በኩል ፎርማት ሲደረግ የቀድሞውን አካውንት ይጠይቃል፤ ለሌባ የታሰበ ጥበቃ ነው። አካውንቱን የማያውቅ ባለቤት ከገዛ ታብሌቱ ይቆለፋል፤ ለማስከፈት ሌላ ገንዘብ ይከፍላል፤ አንዳንዴም የማይገጥም ሶፍትዌር ፍላሽ ተደርጎበት ጭራሽ አይነሣም። ስለዚህ አካውንቱን በወላጅ ስም አስተካክሎ፣ የይለፍ ቃሉን ወረቀት ላይ ጽፎ ማስቀመጥ ይቀድማል። ልጁ የሠራው ነገር ወደ ሚሞሪ ካርድ ወይም ወደ ኮምፒውተር ይገልበጥ፤ ማይንክራፍት የሠሩትን ዓለም ወደ ውጭ ማውጣት ይፈቅዳል። አንድ ጌም ብቻ ከሆነ የሚያስቸግረው ደግሞ የእሱን ብቻ ፎርስ ስቶፕ ማድረግ፣ ከዚያ ካሹን ማጽዳት ይበቃል። «ክሊር ካሽ» የተመዘገበ ነጥብ አይሰርዝም፤ አጠገቡ ያለው «ክሊር ዳታ» ግን ሁሉንም ይሰርዛል። ሁለቱን ለይቶ ለልጁ ማሳየት ያስፈልጋል።

ይህ ሁሉ ተደርጎም የማይድን ታብሌት አለ። የማከማቻ ቺፑ ራሱ ያለቀበት ነው። ፎርማት ከተደረገ በኋላ ምንም ሳይጫንበት ሴቲንግ ለመክፈት ብዙ ሰከንድ የሚወስድ ከሆነ፣ ወይም የተሰረዘው ነገር አጥፍቶ ሲያበሩት ተመልሶ ከመጣ፣ ቺፑ ሞቷል። ቦርዱ ላይ የተበየደ ነው፤ መቀየሪያው ከታብሌቱ ዋጋ ሊበልጥ ይችላል። ሐቀኛ ባለሙያ ይህን ቀድሞ ይናገራል። እንዲህ ያለውን ታብሌት ለመጣል ከመቸኮል በፊት ግን ውስጡ ያለውን ፎቶና የልጁን ሥራ ወደ ሌላ ቦታ መገልበጥ ነው፤ ቺፑ ሲደክም መጻፍ ቀድሞ ያቅተዋል፣ ማንበብ ግን ብዙ ጊዜ ለጥቂት ጊዜ ይቆያል።